ድንጋዩን የሚገፋው ሰው፤ ስለ ማርሴል ያንኮቪች አጭር ፊልም የተደረገ ንግግር



ከንቱ ድካምን ለመግለጽ አማርኛ ቃል አይቸግረውም። ለውጥ የማያመጣውን ልፋት «ውሃ ቢወቅጡት እንቦጭ» ይለዋል፤ የማይጠራቀመውን ጥረት ደግሞ በወንፊት ውሃ ከመቅዳት ጋር ያመሳስለዋል። የጥንት ግሪኮችም ከዚህ የራቀ ነገር አላሰቡም። በአፈ ታሪካቸው ባሎቻቸውን የገደሉት የዳናዎስ ሴቶች ልጆች በሙታን ዓለም የተፈረደባቸው በሚያፈስ ዕቃ ውሃ ሲያመላልሱ እንዲኖሩ ነው። ይሁን እንጂ ግሪኮች ካወረሷቸው የከንቱ ድካም ታሪኮች ሁሉ በዓለም ላይ የገነነው የሲሲፈስ ታሪክ ነው፤ ድንጋይ ወደ ተራራ ጫፍ የሚገፋ፣ ጫፉ ሲቃረብ ድንጋዩ የሚያመልጠው፣ ወርዶም እንደገና ከታች የሚጀምር ሰው።

ይህ ንግግር የሚመለከተው ይህንኑ ታሪክ በሁለት ደቂቃ ያህል ጊዜ ውስጥ በሥዕል ያንቀሳቀሰውን፣ እ.ኤ.አ. በ1974 በሃንጋሪ የተሠራውን የሙከራ ፊልም ነው። የፊልሙ ስም «ሲሲፈስ» ሲሆን አዘጋጁ ማርሴል ያንኮቪች ይባላል። ለመሐንዲሶች ጉባኤ የሥነ ጥበብ ፊልም መወያያ መሆኑ ለአንዳንድ አድማጭ እንግዳ ነገር ይመስል ይሆናል። ዳሩ ግን ጭነት፣ ዳገት፣ ኀይልና ሥራ የመሐንዲስ የዘወትር ቃላት ናቸው፤ ፊልሙም ከነዚህ ቃላት በቀር ሌላ ነገር የለውም ለማለት ይቻላል። ልዩነቱ አንድ ነው። መሐንዲሱ በስሌቱ ውስጥ ድንጋዩን አስቀርቶ ሰውየውን ሲያወጣ፣ ሠዓሊው ሰውየውን አስቀርቶ የቀረውን ሁሉ ለማውጣት ምንም አልቀረውም። የዚህ ንግግር ጉዳይም ይኸው ልዩነት ነው።

አስቀድሞ ታሪኩን ከምንጩ ማየት ይገባል። ሆሜር በ«ኦዲሴ» 11ኛ መጽሐፍ ጀግናው ኦዲሴዎስ በሙታን ዓለም ያያቸውን ሰዎች ሲዘረዝር ከነሱ አንዱ ሲሲፈስ ነው። ገጣሚው የሰውየውን እጅና እግር፣ ላቡንና ትቢያውን በጥቂት ስንኞች ይገልጻል፤ ምን በድሎ እንዲህ እንደ ተፈረደበት ግን አንድም ቃል አይናገርም። ይህን ክፍተት የሞሉት ከእርሱ በኋላ የመጡ ጸሐፊዎች ናቸው። አንዳንዶቹ ሲሲፈስ ሊወስደው የመጣውን ሞትን ራሱን በሰንሰለት ስላሰረው፣ ሞት እስኪፈታ ድረስ በምድር ላይ የሚሞት ሰው ጠፍቶ ነበር ይላሉ። ሌሎቹ ደግሞ ሚስቱ አስከሬኑን እንዳትቀብር አስቀድሞ አዝዞ፣ ከሞተ በኋላ «ሳልቀበር ቀርቻለሁና ሄጄ ሚስቴን ልቅጣ» በማለት የሙታንን ዓለም ገዥዎች አታሎ ወደ ሕይወት ተመለሰ ይላሉ። ብልጠቱ በአማርኛ ተረት ውስጥ የጦጣን ብልጠት ያስታውሳል።

ለመሐንዲስ ጆሮ ግን ከሁሉ የሚስበው ሌላው ነው። በ2ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የግሪክን አገር ተዘዋውሮ ያየውንና የሰማውን የጻፈው ፓውሳንያስ እንደሚተርከው፣ ሲሲፈስ የቆሮንቶስ ንጉሥ ነበር፤ ኋላ ሐዋርያው ጳውሎስ መልእክቱን የላከላት ያቺው ቆሮንቶስ መሆኗ ነው። ከከተማዋ በላይ አክሮቆሮንቶስ የሚባል፣ 575 ሜትር ያህል ከፍታ ያለው አምባ አለ። አሶፖስ የተባለው የወንዝ አምላክ የጠፋች ልጁን ፍለጋ ወደ ሲሲፈስ ይመጣል። ልጅቱን የጠለፋት የአማልክት አለቃ ዜውስ መሆኑን ሲሲፈስ ያውቃል፤ ነገር ግን እንዲያው በነጻ አይናገርም። «በአምባው ላይ ውሃ ካላፈለቅህልኝ አልነግርህም» ይለዋል። አሶፖስ ምንጩን ሰጠ፤ ሲሲፈስም ምስጢሩን ገለጠ። ፓውሳንያስ የድንጋዩን ቅጣት ከዚህ ጋር አያይዞ ከጠቀሰ በኋላ ማመን አለማመኑን ለአንባቢው ይተወዋል።

እንግዲህ በዚህ አተራረክ ሰውየው ለቅጣት የበቃው ለከተማው የውሃ አቅርቦት ሲደራደር ነው ማለት ነው። የዛሬ የውሃ መሐንዲስ ለፕሮጀክቱ ገንዘብ ሲያፈላልግ ከሚገጥመው ጣጣ ጋር ማነጻጸሩ ቀልድ ይመስላል፤ ቁም ነገሩ ግን የአፈ ታሪኩ ሰው ሰነፍ ወይም ሥራ ፈት አለመሆኑ ነው። ገንቢ ነው። አማልክቱም ሲቀጡት ሥራውን አልከለከሉትም፤ ሥራውን ትተውለት የሥራውን ፍሬ ወሰዱበት። ገንቢን ለመቅጣት ከዚህ የከፋ ዘዴ ማሰብ ያስቸግራል።

ያንኮቪች በፊልሙ ውስጥ ከዚህ ሁሉ ትረካ አንዱንም አልተጠቀመበትም። ዜውስ የለም፤ ሞትም፣ ምንጩም፣ ከተማውም የሉም። በነጭ ገጽ ላይ በጥቁር ቀለም የተሳሉ ሦስት ነገሮች ብቻ ይታያሉ፤ አንድ ሰው፣ አንድ ድንጋይና አንድ ዳገት። ዳገቱም ቢሆን ከአንድ መስመር የሚበልጥ አይደለም። ቃል የሚናገር የለም። የሚሰማው የሰውየው ትንፋሽና ማቃሰት ነው፤ እርሱም እየበረታ ሲሄድ ተመልካቹ ሳያውቀው የራሱን ትንፋሽ ይይዛል።

የፊልሙ ሀብት ያለው በመስመሩ ላይ ነው። በሥዕል ፊልም ልማድ የአንድ ሰው መልክ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ እንዳይለወጥ ሠዓሊዎች ብዙ ይጠነቀቃሉ። ያንኮቪች ይህን ጥንቃቄ ሆን ብሎ ጥሎታል። መስመሩ አንድ ጊዜ ይወፍራል፣ አንድ ጊዜ ይሳሳል፤ አንድ ጊዜ የጀርባው ጡንቻ ሁሉ ይቆጠራል፣ አንድ ጊዜ ሰውነቱ በሙሉ ወደ ጥቂት የብሩሽ ጭረቶች ይቀንሳል። ድንጋዩና ሰውየው የት ላይ እንደሚለያዩ ለማየት የሚያስቸግርበት ጊዜ አለ። የኀይል መለኪያ መርፌ ጭነት ሲጨመርበት እንደሚወዛወዝ ሁሉ፣ የመስመሩ ውፍረት ሰውየው በዚያች ቅጽበት የሚያወጣውን ጉልበት ያመለክታል። ምርጥ መሣሪያ ነው፤ የሚለካው ግን የድንጋዩን ክብደት ሳይሆን ክብደቱ በሰው ላይ ያለውን ነው።

ሌላው ትልቅ ነገር ፊልሙ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አንድ ያልተቆረጠ ትዕይንት መሆኑ ነው። በተራ ፊልም ሠራተኛ መዶሻ ሲያነሳ ይታያል፤ ከዚያ ትዕይንቱ ይቆረጥና ቤቱ ተሠርቶ ይገኛል። በመካከል ያለፈው ጊዜ ተመልካቹን አያደክመውም። በዚህ ረገድ የሥራ ሪፖርትም ከተራ ፊልም አይለይም፤ «ሥራው ተጀመረ፣ ሥራው ተጠናቀቀ» በሚሉት ሁለት ዐረፍተ ነገሮች መካከል ያለው ሁሉ ተቆርጦ የወጣ ነው። ያንኮቪች መቀሱን አስቀምጦ፣ በሁለቱ ዐረፍተ ነገሮች መካከል ያለውን ብቻ አሳየ።

የፊልሙን ፍጻሜ እዚህ መናገር ላላየው ሰው ደግ አይሆንም፤ ስለዚህ ይታለፍ።

አሁን የመሐንዲሱን ስሌት ከፊልሙ አጠገብ ማስቀመጥ ያስፈልጋል። ድንጋዩ 100 ኪሎ ግራም ይመዝናል፣ የተራራውም ከፍታ 100 ሜትር ነው እንበል። ድንጋዩን ጫፍ ለማድረስ የሚያስፈልገው ሥራ ክብደቱ በከፍታው ሲባዛ የሚገኘው ነው፤ 98,100 ጁል። ይህም 0.027 ኪሎዋት ሰዓት ያህል ይሆናል። 3.5 ኪሎዋት የሚስብ የኤሌክትሪክ ምጣድ ይህን ኤነርጂ በግማሽ ደቂቃ ውስጥ ይጨርሰዋል፤ አንድ እንጀራ እንኳ አያወጣም። ድንጋዩ ተንከባሎ ወደ መነሻው ሲመለስ ደግሞ የስበት ኀይል በደርሶ መልሱ በድንጋዩ ላይ የሠራው ሥራ ዜሮ ነው። የስበት መስክ የመንገዱን ርዝመትም ሆነ የምልልሱን ብዛት አይቆጥርም፤ የሚቆጥረው መነሻና መድረሻን ብቻ ነው፤ መነሻና መድረሻ ደግሞ አንድ ሆነዋል። ሲሲፈስ ሺህ ጊዜ ቢመላለስ የመጽሐፉ መልስ ያው ነው።

በሰውየው በኩል ሒሳቡ ሌላ ነው። ዳገቱ 30 ዲግሪ ቢሆን፣ ሰበቃውን ትቶ ድንጋዩን ለመያዝ ብቻ 490 ኒውተን፣ ማለትም 50 ኪሎ ግራም ዕቃ አንጠልጥሎ ለመቆም የሚበቃ ኀይል ያሻል። የሰው ጡንቻ ከሚያቃጥለው ኤነርጂ ወደ ሥራ የሚለውጠው ከ20 እስከ 25 በመቶ ያህሉን ነው፤ የቀረው ሙቀት ሆኖ፣ ላብ ሆኖ ይወጣል። ስለዚህ 98,100 ጁል ለድንጋዩ ሲሰጥ ከሰውየው የሚወጣው ከአራት እስከ አምስት እጥፍ ነው። ከዚህም በላይ የሚገርመው ድንጋዩ ከቆመ በኋላ ያለው ነው። ሰውየው ዳገቱ ላይ ድንጋዩን ደግፎ፣ ወደ ላይም ወደ ታችም ሳይል ቢቆም፣ ርቀት የለምና በሜካኒክስ ሕግ ምንም ሥራ አልተሠራም። መጽሐፉ ዜሮ ይላል፤ ጡንቻው ግን ይቃጠላል፣ ጉልበቱ ይብረከረካል፣ ልቡ ይመታል። ይህን እያንዳንዱ መሐንዲስ በመጀመሪያ ዓመት ትምህርቱ እንደ እንቆቅልሽ ሰምቶ አልፎታል። ያንኮቪች የሣለው ይህንኑ እንቆቅልሽ ነው፤ መዝገቡ ዜሮ በሚልበት ቦታ ሰው ምን እንደሚከፍል።

ስለ ሲሲፈስ ሲነሳ የፈረንሳዩ ጸሐፊ አልበር ካሙ ሳይጠቀስ አይታለፍም። ካሙ እ.ኤ.አ. በ1942 ባሳተመው «የሲሲፈስ አፈ ታሪክ» ውስጥ ትኩረቱን የጣለው በቁልቁለቱ ላይ ነው፤ ድንጋዩ ካመለጠ በኋላ ሰውየው ባዶ እጁን እየወረደ በሚያስብባት ሰዓት። ዕጣውን ዐውቆ ሲንቀው ከዕጣው በላይ ይሆናል፤ እንዲያውም ደስተኛ አድርጎ ማሰብ ይገባል ወደሚል መደምደሚያም ይደርሳል። ታላቅ አሳብ ነው። ነገር ግን ይህ አሳብ ቁልቁለት ይፈልጋል፤ እጅ ባዶ፣ ትንፋሽም የተመለሰ መሆን አለበት። ያንኮቪች በበኩሉ ፊልሙን ለአቀበቱ ሰጠው። አቀበት ላይ ያለ ሰው ደስተኛ ነው ወይስ አይደለም ብሎ የሚጠይቅ ተመልካች የለም፤ ጥያቄው «ይችለዋል ወይ?» የሚል ብቻ ነው። ሁለቱ ሰዎች ስለ አንድ አፈ ታሪክ ሲናገሩ በእውነቱ ስለ ሁለት የተለያዩ ሰዓቶች ነው የተናገሩት፤ በአካፋና በዶማ የሚተዳደር ሰው ቢጠየቅ ከሁለቱ የትኛውን እንደሚያውቀው መገመት አያዳግትም።

ያንኮቪች ራሱ ስለ ድካም ያውቅ ነበር ማለት ይቻላል። የተወለደው እ.ኤ.አ. በ1941 በቡዳፔስት ነው። በ1950ዎቹ መጀመሪያ በራኮሺ አገዛዝ ጊዜ አባቱ ታስረው፣ ቤተሰቡም ከዋና ከተማው ወደ ገጠር ተግዞ ነበር። በዚያው ዘመን የሃንጋሪ ፋብሪካዎች ከተመደበላቸው በላይ ያመረቱትን የሥራ ጀግኖች ፎቶግራፍ ሲሰቅሉ፣ ሬችክ በተባለ ስፍራ እ.ኤ.አ. ከ1950 እስከ 1953 ያለ ፍርድ የተያዙ ሰዎች ድንጋይ እየፈለጡ ይኖሩ ነበር። ፊልሙን የዚህ ታሪክ ምሳሌ ብቻ አድርጎ መተርጎም ያጠብበዋል፤ አዘጋጁ ቀንና ቦታ የሚያመለክት አንድም ምልክት አላስቀመጠበትም። ሆኖም የጉልበት ሥራ በፖስተር ላይ ፈገግ እያለ በሚታይበት አገር፣ ፖስተር የሌለውን ድካም ሁለት ደቂቃ ሙሉ ማሳየት ቀላል ነገር አልነበረም።

ያንኮቪች ወደ ፓኖኒያ የፊልም ስቱዲዮ የገባው እ.ኤ.አ. በ1960 ነው። በ1973 «ያኖስ ቪቴዝ» የተባለውን፣ በአገሩ የመጀመሪያ የሆነውን ሙሉ ርዝመት ያለው የሥዕል ፊልም አጠናቀቀ፤ እርሱም በቀለም የጎርፍ ያህል የተሞላ ነው። ከዚያ ሁሉ ቀለም ማግስት ወደ ጥቁርና ነጭ፣ ከብዙ ሠራተኛም ወደ አንድ ብሩሽ ዞረ። «ሲሲፈስ» ለአሜሪካ የፊልም አካዳሚ ሽልማት በአጭር የሥዕል ፊልም ዘርፍ ታጭቶ፣ እ.ኤ.አ. በ1976 በተደረገው ሥነ ሥርዓት ሽልማቱ «ግሬት» ለተባለው የብሪታንያ ፊልም ሄደ።

ፊልሙ የተሠራበትን መንገድ ማሰብም ራሱን የቻለ ትምህርት አለው። ሲኒማ በሰከንድ 24 ምስል ያሳልፋል። ሁለት ደቂቃ ማለት እንግዲህ 2,880 ምስል ነው። በሥዕል ፊልም እንደ ተለመደው አንድ ሥዕል ሁለት ጊዜ ይነሳል ቢባል እንኳ 1,440 ሥዕል ያስፈልጋል። አንድ ሰው ጠረጴዛ ላይ ተደፍቶ ያንኑ ሰው፣ ያንኑ ድንጋይ፣ ያንኑ ዳገት ከሺህ ጊዜ በላይ ይሥላል፤ አንዱን ጨርሶ አዲስ ወረቀት ይስባል፣ እንደገና ከእግሩ ይጀምራል። ሥዕሉ በመጋረጃው ላይ ከሰከንድ አንድ አሥራ ሁለተኛ በላይ አይቆይም። በዚህ ሙያ ላይ ያለ ሰው የሲሲፈስን ታሪክ ለመረዳት ግሪክኛ መማር አያስፈልገውም። እንዲያውም የያንኮቪች ሌላ ትልቅ ሥራ፣ «የሰው ልጅ ሰቆቃ» የተባለው ረጅም ፊልም፣ ገንዘብ ሲገኝ እየተሠራ ሲታጣ እየቆመ ከ20 ዓመት በላይ ወስዶ እ.ኤ.አ. በ2011 ነው የተጠናቀቀው። አዘጋጁ በ2021 ዐረፈ።

ወደ ፊልሙ ሁለተኛ ሕይወት እንለፍ። እ.ኤ.አ. በፌብሩዋሪ 2008 በአሜሪካ እጅግ ብዙ ተመልካች በሚኖረው የሱፐር ቦውል ጨዋታ ወቅት «ሲሲፈስ» እንደገና ታየ፤ አሁን ግን የመኪና ማስታወቂያ ሆኖ ነው። መኪናው ጂ.ኤም.ሲ. ዩኮን ሃይብሪድ የተባለው፣ 6 ሊትር የቤንዚን ሞተርና የኤሌክትሪክ ሞተሮች ያጣመረ፣ 2.5 ቶን ያህል የሚመዝን ትልቅ ተሽከርካሪ ነበር። የሥነ ጥበብ ወዳጆች በዚህ ነገር ማዘናቸው አይቀርም። መሐንዲስ ግን ከማዘኑ በፊት መሣሪያውን መመርመር አለበት፤ ማስታወቂያውን ያሰቡት ሰዎች ዐውቀውትም ይሁን ሳያውቁት ከአፈ ታሪኩ ጋር የሚገጥም ነገር ይዘዋልና።

በሃይብሪድ መኪና ፍሬን ሲያዝ የኤሌክትሪክ ሞተሩ እንደ ጄኔሬተር ይሠራል፤ በተራ መኪና በፍሬን ሸራ ላይ ሙቀት ሆኖ የሚባክነው ኤነርጂ ከፊሉ ወደ ባትሪ ይመለሳል። ቁልቁለት ገቢ ይሆናል ማለት ነው። የሲሲፈስ ድንጋይ በተንከባለለ ቁጥር የሚጠፋው 98,100 ጁል ያለ ባለቤት የቀረው ማንም ምንም ስላላያያዘበት ነው። በዌልስ የሚገኘውና እ.ኤ.አ. በ1984 የተከፈተው፣ 1,728 ሜጋዋት አቅም ያለው የዲኖርዊግ ጣቢያ የሲሲፈስን ምልልስ በየቀኑ በውሃ ይፈጽማል፤ ኤሌክትሪክ በሚረክስበት ሰዓት ውሃውን ወደ ተራራ ይገፋዋል፣ በሚወደድበት ሰዓት ይለቀዋል። ከሚገባው ኤሌክትሪክ ሩብ ያህሉ በመንገድ ይቀራል፤ ከንቱ ነው የሚለው ግን የለም። የድንጋዩ መውጣትና መውረድ በራሱ ከንቱ እንዳልሆነ፣ ከንቱነቱ የሚወሰነው በምልልሱ ላይ በተያያዘው ወይም ባልተያያዘው ነገር እንደሆነ ከዚህ በላይ የሚያስረዳ ማስረጃ አይገኝም። እስከዚህ ድረስ ማስታወቂያው ትክክል ነው።

ስሕተቱ ሌላ ቦታ ነው። ማስታወቂያው ያንኑ ሥዕልና ያንኑ ማቃሰት ይዞ የሰውየውን ሁለት ደቂቃ የመኪና መግቢያ አደረገው። ተመልካቹ የሚያየው ሰው ሲደክም ነው፤ የሚሸጥለት ግን መድከም የማያስፈልገው መሆኑ ነው። ሥዕሉ ሳይነካ ሰውየው ከሥዕሉ ወጣ። ሙያችን ድንጋዩን ከሰው ትከሻ ማውረድ መሆኑ እውነት ነው፤ በዚህም መኩራት ይገባል። ችግሩ የሚመጣው ድንጋዩ ገና ሳይወርድ ሰውየው ከሒሳቡ ሲወርድ ነው።

ይህ ነገር የሃንጋሪና የአሜሪካ ጉዳይ ብቻ እንዳይመስል፣ በኢትዮጵያ ደጋዎች ላይ የተካሄደውን የእርከን ሥራ ማስታወስ ይበቃል። እ.ኤ.አ. ከ1970ዎቹ ጀምሮ፣ በተለይም ከ1984ቱ ረሃብ ወዲህ፣ በምግብ ለሥራ ፕሮግራም ገበሬው፣ ሴቱም ወንዱም፣ ድንጋይ እየተሸከመ ወደ ተዳፋቱ ወጣ። እዚህ ላይ ድንጋዩ ምሳሌ አይደለም፤ ድንጋይ ነው። ከተሠራው እርከን ብዙው ዛሬም አፈር ይዞ ይታያል። ከፊሉ ግን የውኃ መፋሰሻው ሳይታሰብ ተሠርቶ በክረምት ጎርፍ ፈርሷል፤ ከፊሉ ማሳ አጥብቦ፣ አይጥ አስጠልሎ ገበሬው ራሱ አፍርሶታል። በሚቀጥለው በጋ ያው ሰው ያንኑ ድንጋይ ሲያነሳ ምን እንዳሰበ የጻፈ ሪፖርት ማግኘት ያስቸግራል። የሥራ መለኪያው ግን በደንብ ተጽፏል፤ ለ1 ኪሎ ሜትር የድንጋይ እርከን 250 የሰው ቀን።

«የሰው ቀን» የሚለውን አሃድ ጠጋ ብሎ ማየት ይገባል። አንድ ሰው 250 ቀን ቢሠራና 250 ሰው አንድ ቀን ቢሠራ በዚህ አሃድ እኩል ነው። አሃዱ ለእቅድ ጠቃሚ ነው፤ ያለ እርሱም በጀት አይሠራም። ነገር ግን ሰዓቱ ከጠዋት ይሁን ከቀትር፣ ሠራተኛዋ በልታ ይሁን ሳትበላ፣ ድንጋዩ ከመቶ ሜትር ይምጣ ከአንድ ኪሎ ሜትር፣ የተሠራውም ባለፈው ዓመት የፈረሰው ያው እርከን ይሁን አዲስ፣ በቁጥሩ ውስጥ አይታይም። ፈርሶ በተሠራ ቁጥር የሰው ቀኑ በሪፖርቱ ላይ እንደ አዲስ ሥራ ይደመራል። የስበት መስክ ሒሳብ የሲሲፈስን ምልልስ ዜሮ ሲያደርገው፣ የሪፖርቱ ሒሳብ ደግሞ ትርፍ ያደርገዋል፤ ሁለቱም ሰውየውን ሳያዩ።

በአንጻሩ የኮንሶ ሕዝብ እርከኖች አሉ። ዩኔስኮ እ.ኤ.አ. በ2011 በዓለም ቅርስነት የመዘገበው ይህ ሥፍራ 55 ስኩዌር ኪሎ ሜትር ስፋት ያለው፣ ከ21 ትውልድና ከ400 ዓመት በላይ ያስቆጠረ የድንጋይ ሥራ የሚገኝበት ነው። እዚያም ዝናብ ካብ ይንዳል፤ እዚያም የወደቀው ድንጋይ ተመልሶ ይወጣል። ልጁ አባቱ ያነሳውን ድንጋይ ያነሳል። የማያልቅ ሥራ በመሆኑ ከሲሲፈስ ሥራ አይለይም፤ የሚለየው ካቡ የማን እንደሆነና ለምን እዚያ ቦታ እንደቆመ ድንጋዩን የሚያነሳው ሰው ማወቁ ነው። የመንገድ ጥገና፣ የቦይ ጠረጋ፣ ከግድብ ደለል ማውጣት፣ ይህ ሁሉ የማያልቅ ሥራ ነው። የመሐንዲስ ሥራ አብዛኛው ከዚህ ወገን መሆኑን ሁሉም ያውቃል፤ በምረቃ ቀን ሪባን የሚቆረጥለት ግን ሌላው ነው።

ያንኮቪች ከ«ሲሲፈስ» በኋላ በዚሁ አሳብ አንድ ሌላ አጭር ፊልም ሠርቷል፤ «ተፋላሚዎች» ሊባል የሚችለው ይህ ፊልም እ.ኤ.አ. በ1977 በካን የፊልም በዓል የአጭር ፊልም ታላቁን ሽልማት አግኝቷል። በርሱ ውስጥ ቀራፂው ድንጋዩን ይቀርፃል፤ ሐውልቱም መሮውን ይዞ ቀራፂውን ይቀርፃል። በመጨረሻ ሐውልቱ ወጣት ሆኖ ይቆማል፣ ቀራፂው ያረጃል። ሁለቱን ፊልሞች ተከታትሎ ያየ ሰው በመጀመሪያው ሥራው ፍሬ እንደሌለው፣ በሁለተኛው ደግሞ ፍሬ እንዳለው ያስተውላል። የሠራተኛው ገላ የሚከፍለው ግን በሁለቱም ያው ነው፤ ፍሬው ቢኖርም ባይኖርም ቅናሽ የለውም።

ፊልሙ ቃል ስለሌለው አስተርጓሚ አያስፈልገውም፤ ድምፁ ግን ከፍ ብሎ መሰማት አለበት። አጭር በመሆኑም ከዚህ ንግግር ቀጥሎ ሁለት ጊዜ እንዲታይ ታስቧል። በመጀመሪያው ጊዜ የሁሉም ዐይን በድንጋዩ ላይ መሆኑ የማይቀር ነው። ሁለተኛው የሚታየው ለጀርባው ነው።